ስፒከሩ በአፕዴት አይፈነዳም

መስከረም 7 ቀን 2017 ዓ.ም. ሊባኖስ ውስጥ በሺዎች የሚቆጠሩ ፔጀሮች በአንድ ጊዜ ሲፈነዱ፣ በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ዓለምን ካዳረሱት ግምቶች አንዱ «ሶፍትዌራቸው በርቀት ተነክቶ ባትሪያቸው ጋለ» የሚል ነበር። ብዙም ሳይቆይ እውነቱ ወጣ፤ ፒኢቲኤን የሚባል ፈንጂ ከባትሪዎቹ ጋር ተደብቆ ኖሯል። ወሬ ግን እርማት አይጠብቅም። ዛሬም ርካሽ የብሉቱዝ ስፒከር የገዛ ሰው «አፕዴት አድርግ ካለህ እሺ እንዳትል፣ ይፈነዳል» የሚለው መካሪ አያጣም።

ይህን ምክር ቶሎ መሸኘት ይቻላል። የስፒከሩ ሊቲየም ባትሪ የሚሞላው እስከ 4.2 ቮልት ነው። በርካሾቹ ስፒከሮች፣ ባትሪው ሲሞላ ቻርጁን የሚያቆመው ብዙውን ጊዜ ከብሉቱዙ ጋር የማይነጋገር ራሱን የቻለ ትንሽ ቺፕ ነው። እሱ ቢሳሳት እንኳ ባትሪው ላይ የተገጠመው መከላከያ 4.3 ቮልት አካባቢ ሲደርስ ይቆርጠዋል። እርግጥ ነው፣ መከላከያው ሳይገጠምለት የሚወጣ ባትሪ አለ፤ ይህ ሊቃጠል ይችላል፣ የሚቃጠለው ግን በአፕዴት አይደለም። ሶፍትዌር ቻርጅን የሚቆጣጠርባቸው ውድ ዕቃዎችም አሉ። እ.ኤ.አ. በ2016 የሳምሰንግ ጋላክሲ ኖት 7 ባትሪዎች ሲቃጠሉ፣ ኩባንያው በደቡብ ኮሪያ የላከው አፕዴት ስልኩ ከ60 በመቶ በላይ እንዳይሞላ የሚከለክል ነበር። አፕዴቱ የመጣው እሳቱን ለመከላከል ነው።

እውነተኛው አደጋ ሌላ ነው፤ ስፒከሩ ድዳ ሆኖ መቅረቱ።

አፕዴት የሚለውጠው ፈርምዌር፣ ቺፑ ከበራበት ቅጽበት ጀምሮ የሚመራበት ፕሮግራም ነው። ስፒከሩ ከስልክ ጋር ሲገናኝ በእንግሊዝኛ የምታበስረው ሴት ድምፅ እንኳ እዚያው አብራ የተቀመጠች ፋይል ናት። መኖሪያው ፍላሽ ሜሞሪ ሲሆን፣ የፍላሽ ጠባይ ደግሞ ለየት ያለ ነው። ባዶ ሲሆን ቢቶቹ በሙሉ 1 ናቸው። መጻፍ ማለት ኤሌክትሮኖችን ወደ ውስጥ አስገብቶ የተመረጡትን ቢቶች ወደ 0 ማውረድ ነው። አንዱን 0 ብቻ ነጥሎ ወደ 1 መመለስ ግን አይቻልም፤ በተለመዱት ቺፖች 4,096 ባይት የሚይዝ አንድ ክፍል ሙሉ በሙሉ መደምሰስ አለበት። ስለዚህ አዲሱ ፕሮግራም ከመጻፉ በፊት አሮጌው መጥፋት አለበት። በመሃል ኃይል ከተቋረጠ አሮጌውም የለም፣ አዲሱም አልመጣም።

ይህን ለማስረዳት የሶማሊላንዷ ሃርጌሳ ካሴቶች ይመቻሉ። እ.ኤ.አ. በ1988 ከተማዋ ከአየር ስትደበደብ የሬዲዮ ሃርጌሳ ቴፖች መሬት ተቀብረው ተርፈዋል፤ ዛሬ የከተማዋ የባህል ማዕከል ከ10,000 በላይ ካሴቶች ይዟል። ካሴት ላይ ሌላ ዘፈን ሲቀዳ መብራት ቢጠፋ፣ እስከዚያ ድረስ አዲሱ፣ ከዚያ ወዲያ አሮጌው ይሰማል። ግማሽ ዘፈን ዘፈን ነው። ግማሽ ፕሮግራም ግን ምንም አይደለም፤ አንድ ትእዛዝ ቢጎድለው ቺፑ መንገዱን ይስታል።

ለዚህ መድኃኒት ተገኝቷል። ፍላሹን ሁለት ቦታ ከፍሎ አዲሱን በትርፉ ቦታ ላይ መጻፍ፣ በትክክል መጻፉን አረጋግጦ ብቻ ወደዚያ መሻገር ነው። ችግሩ መድኃኒቱ እጥፍ ቦታ መፈለጉ ላይ ነው። በሳንቲም ሒሳብ የሚሠራ አምራች ለዚህ አይከፍልም፤ አንዴ ከተጻፈበት ጭራሽ የማይለወጥ ቺፕ የሚገጥምም አለ። በሃርጌሳ ሱቆች የተደረደረውም ሆነ በድንበር ከተማዋ ቶጎ ውጫሌ በኩል ጅግጅጋ የሚገባው ስም የለሽ ስፒከር ከዚህ ወገን የመሆኑ ዕድል ሰፊ ነው። «ፍላሽ አደርግልሃለሁ» የሚል ጠጋኝም ቢሆን የዚያኑ ቦርድ ፋይል ካላገኘ አይሳካለትም፤ ከውጭ መንታ የሚመስሉ ሁለት ስፒከሮች ከውስጥ ቺፓቸው ሊለያይ ይችላልና።

ታዲያ አፕዴት ለምን ያስፈልጋል? እ.ኤ.አ. በጁን 2025 የጀርመኑ የደህንነት ኩባንያ ኢ.አር.ኤን.ደብሊው. የታይዋኑ አይሮሃ በሚሠራቸው የብሉቱዝ ቺፖች ላይ ክፍተት ማግኘቱን ይፋ አደረገ። በብሉቱዝ ርቀት፣ ማለትም በ10 ሜትር ገደማ ውስጥ ያለ ሰው፣ ሳይፈቀድለት የዕቃውን ሜሞሪ ማንበብና መጻፍ ይችል ነበር። የሶኒ፣ የጄቢኤልና የቦዝ ምርቶች ከተነኩት መካከል ነበሩ፤ የማርሻል ስፒከሮችም አልቀሩም። ጥቃቱ ሙያና ቅርበት ስለሚጠይቅ ተራው ገዢ እንቅልፍ የሚያጣበት ነገር አይደለም። አይሮሃ ማረሚያውን ለአምራቾቹ ሰጠ፤ ከዚያ ወዲያ ለደንበኛ ማድረሱ የእነሱ ፈንታ ነበር። አምራቹ የማይታወቅ ስፒከር ግን ክፍተት ቢገኝበት ማረሚያ የሚልክለት የለም።

አምራቹ የራሱ መተግበሪያ ካለውና ሞዴሉ እዚያ ከተዘረዘረ፣ ስፒከሩን ቻርጅ ያድርጉ፣ ስልኩን አጠገቡ ያስቀምጡ፣ አፕዴት ያድርጉ፤ እስኪጨርስም አያጥፉት። ከሌለው ደግሞ በቴሌግራም የሚዞር የፈርምዌር ፋይል አይጫኑበት።