አቦሉን ጠጣን እንዴ?

ነቀምት ሰፈራችን ውስጥ አኮ የምንላቸው አንዲት ባልቴት አሉ። ጀበናውን ከፍ አድርገው እንደ ክር አቅጥነው ሲቀዱ ረከቦቱ ላይ አንዲት ጠብታ አይወድቅም። ታዲያ አቦሉ ተጠጥቶ፣ ሲኒው ታጥቦ ሳይደርቅ፣ «ልጆች፣ ቡና ሳልሰጣችሁ?» ይላሉ። ልጃቸው «ሃርሜ፣ አሁን ጠጣን እኮ» ስትላቸው የቀለደች መስሏቸው ይስቃሉ።

አቀዳዱን ያልረሳ ሰው መቅዳቱን እንዴት ይረሳል?

ሁለቱ የሚቀመጡት አንድ ቦታ ስላልሆነ ነው። የዛሬ ውሎ የሚመዘገበው ከጆሮ ወደ ውስጥ ገባ ብሎ በግራና በቀኝ ባለው፣ ሂፖካምፐስ በሚባለው የአንጎል ክፍል በኩል ነው። አልዛይመር የሚባለው የመርሳት በሽታ ብዙውን ጊዜ የሚጀምረው እዚያው አካባቢ ነው። የልጅነት የቡና ለቀማ ግን ከዚያ አልፎ በአንጎል ቅርፊት ከሰፈረ ቆይቷል፤ አኮ እሱን ሲያወሩ አይሳሳቱም። የእጅ ልማድ ደግሞ ሌላ ማደሪያ አለው፤ ባዛል ጋንግሊያ የሚባሉት የውስጥ ክፍሎችና ከማጅራት በላይ ያለው ትንሹ አንጎል።

ይህን በግልጽ ያሳየው አሜሪካዊው ሄንሪ ሞላይሰን ነው። እ.ኤ.አ. በ1953 የሚጥል በሽታውን ለማዳን ሲባል ከሁለቱም ወገን የሂፖካምፐሱ ትልቅ ክፍል ተቆርጦ ወጣ። በኋላ ብሬንዳ ሚልነር የምትባል ተመራማሪ እጁን በመስተዋት ብቻ እያየ የኮከብ ቅርጽ እንዲከተል አደረገችው። እጁ ከቀን ወደ ቀን ሠለጠነ፤ እሱ ግን መለማመዱን እንኳ አያስታውስም።

ተቃራኒውም አለ። ትንሹ አንጎል የተጎዳ ሰው ሁሉን ያስታውሳል፤ እጁም ጉልበት አለው፤ ልኩን ግን ያጣል። ሲኒው ጋ ሲቃረብ ይንቀጠቀጣል፣ አልፎትም ይሄዳል። የፓርኪንሰን በሽታ መንቀጥቀጥ ግን ብዙ ጊዜ የሚብሰው እጅ ጭን ላይ ባረፈበት ነው። (እኛ ሁለቱንም «እርጅና ነው» ብለን እናልፋለን።)

ስትሮክ እንዲህ ጊዜ አይሰጥም። የነርቭ መስመሮቹ አንገት ሳይደርሱ ስለሚሻገሩ የግራ አንጎል ሲመታ የሚዝለው ቀኝ እጅ ነው። አፍ ሲጣመም «ነፋስ መታው» ብሎ ማደር እዚህ ላይ ነው የሚጎዳው፤ የረጋ ደም ማሟሟያው የሚሰጠው በ4 ሰዓት ተኩል ውስጥ ሲሆን፣ ከነቀምት አዲስ አበባ 330 ኪሎ ሜትር ያህል ነው።

ቶናው ፈላ። አኮ ጀበናውን አነሱ፤ «አቦሉን ጠጣችሁ እንዴ?» እያሉ ስድስቱንም ሲኒ እኩል ሞሉ።