የ400 ሺህ ዶላር ብድር እንዴት 910 ሺህ ዶላር ይሆናል?

በዚህ ሰዓት የምታውቁኝ በፖለቲካ ትንታኔ ነው። ዛሬ ግን ከፖለቲካው ወጣ ብዬ ስለ ቤት ብድር፣ እዚህ አሜሪካ ሞርጌጅ ስለምንለው ነገር ላወራችሁ ነው። «ይሄ ሰውዬ መቼ ባንክ ሠርቶ ያውቃል?» የምትሉ አትጠፉም። ልክ ናችሁ፤ የተማርኩት ፖለቲካል ሳይንስ ነው። ነገር ግን ብዙዎቻችን በስደት ዘመናችን የምንፈርመው ትልቁ ውል ይኸው ነው። ከፈራሚዎቹ ደግሞ ስንቱ አንብቦት እንደፈረመ እናንተም እኔም እናውቀዋለን።

ነገሩን ያስነሳው አንድ የቆየ ወዳጄ ነው። ባለፈው ወር ከምሽቱ አምስት ሰዓት ላይ ደወለልኝ። እዚሁ ቨርጂኒያ የሚኖር፣ ታክሲ የሚያሽከረክር፣ ባለቤቱ በአረጋውያን መንከባከቢያ የምትሠራ፣ የሦስት ልጆች አባት ነው። ዕድሜው 51። በ2023 መጀመሪያ ላይ 400 ሺህ ዶላር በ6.5 በመቶ ወለድ ተበድሮ፣ በ30 ዓመት ተከፍሎ የሚያልቅ ቤት ገዛ። የቤት ምርቃቱን ድግስ እኔም በልቻለሁ።

«ስማ፣ አንተ ፖለቲካውን ተወውና ይህን ንገረኝ» አለኝ። «ሦስት ዓመት አንድ ወር ሳላጓድል ከፈልኩ። ስደምረው 91 ሺህ ዶላር ነው። ዛሬ የላኩልኝን ወረቀት ሳይ ግን ዕዳዬ የቀነሰው 14 ሺህ ዶላር ብቻ ነው። ሌባ ናቸው እንዴ?»

ሌባ አይደሉም። ወረቀቱን በስልክ ላከልኝና ቁጭ ብዬ አሰላሁት፤ እስከ ሳንቲሙ ትክክል ነው። ትክክል መሆኑ ግን የባሰ ያሳስባል፤ ስህተት ቢሆን ኖሮ ይታረም ነበር።

ስሌቱ ይህን ይመስላል። የቤት ግብሩንና ኢንሹራንሱን ለጊዜው እንተወውና፣ ወዳጄ በየወሩ 2,528 ዶላር ከ27 ሳንቲም ይከፍላል። ይህ ቁጥር ለ30 ዓመት አይነቃነቅም። የማይነቃነቀው ግን ድምሩ ነው፤ ውስጡ በየወሩ ይቀያየራል። ባንኩ በየወሩ መጨረሻ ላይ «ስንት ዕዳ ቀረህ?» ብሎ ያያል፤ በቀረው ዕዳ ላይ የወሩን ወለድ ያሰላል፤ መጀመሪያ እሱን ይወስዳል። የተረፈችው ናት ዋናውን ብድር የምትቀንሰው። በመጀመሪያው ወር የቀረው ዕዳ 400 ሺው በሙሉ ስለሆነ ወለዱ 2,166 ዶላር ከ67 ሳንቲም ነበር። ለቤቱ የዋለው 361 ዶላር ከ60 ሳንቲም ብቻ። በሚቀጥለው ወር ዕዳው በ361 ዶላር ስለቀነሰ ወለዱም በሁለት ዶላር ገደማ ይቀንሳል፤ ለዋናው የሚሄደው ደግሞ በዚያችው ሁለት ዶላር ይጨምራል። እንዲህ እያለ ቀስ እያለ ይሄዳል። ከወርሃዊ ክፍያው ውስጥ የዋናው ድርሻ ከወለዱ የሚበልጠው መቼ ይመስላችኋል? በ233ኛው ወር ነው። ማለትም 19 ዓመት ከ4 ወር ከተከፈለ በኋላ። የብድሩ ግማሽ፣ 200 ሺው፣ ተከፍሎ የሚያልቀው ደግሞ 21 ዓመት ካለፈ በኋላ ነው። ሠላሳው ዓመት ሲሞላ ወዳጄ በጠቅላላው 910 ሺህ ዶላር ከፍሏል፤ ከዚህ ውስጥ 510 ሺው ወለድ ነው።

ይህን ስሰማ ትዝ ያለኝ አያቶቻችን የሚያውቁት ወለድ አገድ ነው። ገበሬው ብር ሲቸግረው መሬቱን ላበዳሪው ያስረክባል። አበዳሪው እያረሰ ምርቱን በወለድ ፈንታ ይበላል። ገበሬው የተበደረውን ብር አሟልቶ እስካላመጣ ድረስ ዕዳው አንዲት ሳንቲም አይቀንስም፤ አሥር ምርት ቢታፈስም ያው ነው። የአሜሪካው ሞርጌጅ ከዚህ ይሻላል፤ ቤቱ ውስጥ የምትኖረው አንተ ነህ፣ ዕዳውም ቢያንስ ይቀንሳል። የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ግን ከወለድ አገድ ብዙም አይርቁም።

እዚህ ላይ ትንሽ የሙያዬን ልናገር። ይህ የ30 ዓመት ብድር ከሰማይ የወረደ አይደለም፤ የመንግሥት ፖሊሲ ውጤት ነው። ከ1930ዎቹ በፊት አሜሪካ ውስጥ የቤት ብድር በአብዛኛው የአምስት ወይም የአሥር ዓመት ነበር። ብዙው ሰው ወለዱን ብቻ እየከፈለ ይቆይና ዋናው በመጨረሻ በአንድ ጊዜ ይጠየቃል። ታላቁ የኢኮኖሚ ቀውስ ሲመጣ ያንን የሚከፍል ጠፋ፤ ሕዝቡ ቤቱን በገፍ ተነጠቀ። የሩዝቬልት መንግሥት በ1933 የቤት ባለቤቶችን ብድር የሚያድስ ተቋም አቋቋመ። በ1934 ደግሞ የፌዴራል ቤቶች አስተዳደርን፣ ዛሬ ኤፍ ኤች ኤ የምንለውን አቋቋመ። ረጅም ዘመን፣ በየወሩ እኩል ክፍያ፣ ዋናውና ወለዱ አብሮ የሚከፈልበት ሥርዓት የተስፋፋው በዚህ መንገድ ነው። ዓላማው ወርሃዊ ክፍያው ለሠራተኛው እንዲቀልለት ነበር፤ ቀለለትም። እኔና እናንተም ቤት የገዛነው በዚህ ምክንያት ነው። ለቅለቱ የሚከፈለው ዋጋ ግን ዓመቱ መርዘሙ ነው። ያንኑ 400 ሺህ በዚያው 6.5 በመቶ በ15 ዓመት ቢከፍሉት ወርሃዊው 3,484 ዶላር ይሆናል፤ ጠቅላላ ወለዱ ግን ከ510 ሺህ ወደ 227 ሺህ ይወርዳል። ሁላችንም ግን በወር 3,484 ዶላር መክፈል አንችልም። የእናት መድኃኒት አለ፣ የወንድም ልጅ ትምህርት ቤት አለ፣ በዓል በመጣ ቁጥር የሚላክ አለ።

ወደ ወዳጄ ልመለስ። የዚያን ምሽት የደወለው ለምሬት ብቻ አልነበረም። አንድ ብድር አገናኝ ደውሎለት «ወለድህን ወደ 6 በመቶ ዝቅ አደርግልሃለሁ፤ ከኪስህ አንድ ዶላር አታወጣም፤ በወር 156 ዶላር ይቀንስልሃል» ብሎታል። በማግስቱ ሊፈርም ነበር። እውነትም ከኪሱ አንድ ዶላር አያወጣም፤ የማስፈጸሚያ ወጪው 10 ሺህ ዶላር በብድሩ ላይ ይደመራልና። እውነትም ወርሃዊ ክፍያው ወደ 2,372 ይወርዳል። ያልተነገረው ሰዓቱ ከዜሮ እንደሚጀምር ነው። ወዳጄ ከአሮጌው ብድር የቀረው 27 ዓመት ነው፤ አዲሱ ግን እንደገና 30 ዓመት። በአሮጌው ወደፊት የሚከፍለው በጠቅላላው 819 ሺህ ዶላር ነው። በአዲሱ 854 ሺህ። ወለዱ ቀንሶለት፣ ወርሃዊው ቀንሶለት፣ 35 ሺህ ዶላር ገደማ ጨምሮ ሊከፍል ነው። ዕዳውም የሚያልቀው በ78 ዓመቱ መሆኑ ቀርቶ በ81 ዓመቱ ይሆናል። ታክሲ እየነዳ በ81 ዓመት!

እንግዲህ ሪፋይናንስ መጥፎ ነው ልልህ ነው ብሎ ጠበቀ። አይደለም። ልብ በሉ፣ ያንኑ ውል ፈርሞ፣ ያንኑ 10 ሺህ ዶላር ወጪ ተሸክሞ፣ ነገር ግን ወርሃዊ ክፍያውን ሳይቀንስ የለመደውን 2,528 ዶላር ቢቀጥልስ? ትርፏ 156 ዶላር በየወሩ ዋናውን ብድር ትበላለች። ያኔ ዕዳው በ27 ዓመት ፈንታ በ25 ዓመት ተኩል ያልቃል፤ ጠቅላላ የሚከፍለውም ከአሮጌው ብድር በ45 ሺህ ዶላር ገደማ ያንሳል። አንድ ውል፣ አንድ ወለድ፣ አንድ ፊርማ ሆኖ፣ አንደኛው መንገድ 35 ሺህ ያስከፍላል፤ ሌላኛው 45 ሺህ ያተርፋል። ልዩነቱ በወር 156 ዶላሯ የት ትሄዳለች የሚለው ብቻ ነው። ለሁለት ወይም ለሦስት ጊዜ ሪፋይናንስ ያደረጋችሁ፣ እባካችሁ ዛሬ ማታ ወረቀታችሁን አውጡና ብድሩ የሚያልቅበትን ዓመት እዩት። አንዳንዶቻችሁ ቤቱን ከገዛችሁ 15 ዓመት ሆኗችኋል፤ ዕዳው ግን ገና የልጅ ዕዳ ነው።

ሌላው ከባለቤቱ የመጣ ሐሳብ ነው። ከጀርባ ሆና ትሰማን ነበርና «ዕቁቡስ?» አለች። የ10 ሺህ ዶላር ዕቁብ ይጠብቃሉ። ለመኪና ነበር የታሰበው። አሁን ባለው በ6.5 በመቶው ብድር ላይ 10 ሺውን አንድ ጊዜ በዋናው ላይ ቢጥሉት፣ የብድሩ ዘመን በ21 ወር ገደማ ያጥራል። በመጨረሻ የሚቀርላቸው ክፍያ 54 ሺህ ዶላር ያህል ነው። ስልኩ ውስጥ ለትንሽ ጊዜ ዝም ዝም ሆነ።

ይህን ስታደርጉ ግን አንድ ጥንቃቄ አለ። ተጨማሪ ብር ስትልኩ «ለዋናው ብድር» ብላችሁ መግለጽ ያስፈልጋል፤ በቼክ ከሆነ ቼኩ ላይ፣ በድረ ገጽ ከሆነ «ፕሪንሲፓል» የሚለውን ቦታ መርጣችሁ። ካልሆነ ብሩ የሚቀጥለው ወር ክፍያ ተደርጎ ሊያዝ ይችላል፤ ያኔ ጥቅሙ የለም። በማግስቱም ገብታችሁ ዕዳው መቀነሱን አረጋግጡ። ደግሞም ያላችሁን ጥሪት በሙሉ ቤት ውስጥ አትቅበሩት። ሥራ ሲጠፋ ወይም ሲታመሙ ግድግዳ ተፍቆ አይበላም።

ሁሉም ሰው ደግሞ እንደ ወዳጄ አይደለም። በጥር 2021 የ30 ዓመት ብድር አማካይ ወለድ እስከ 2.65 በመቶ ወርዶ ነበር፤ በጥቅምት 2023 ደግሞ 7.79 በመቶ ደረሰ። ያን ጊዜ በ3 በመቶ የያዛችሁ ሰዎች ወርሃዊ ክፍያችሁ ለዚያው 400 ሺህ 1,686 ዶላር ነው፤ የ30 ዓመቱ ድምር 607 ሺህ። እናንተ ቶሎ ልክፈል ብላችሁ አትጨነቁ። የኑሮ ውድነቱ ራሱ ዕዳችሁን እያቀለለላችሁ ነው፤ ትርፍ ብር ካላችሁ አሠሪያችሁ የሚያዋጣበትን የጡረታ ቁጠባ መጀመሪያ ሙሉ። ይህን ብድር ነክታችሁ በ6 በመቶ የምትቀይሩ ከሆነ ግን የምትሠሩትን አታውቁም ማለት ነው፤ ይቅርታ አድርጉልኝ።

ቋንቋው ነው የሚያስቸግረን የምትሉ አላችሁ። ሕጉ ግን ለዚሁ ሲባል ቅጹን ወጥ አድርጎታል። ማመልከቻ ካስገባችሁ በኋላ በሦስት የሥራ ቀናት ውስጥ ሎን ኤስቲሜት የሚባል ሦስት ገጽ ወረቀት ሊሰጣችሁ ይገባል። ሦስተኛው ገጽ ላይ «በአምስት ዓመት ውስጥ» የሚል ሣጥን አለ፤ በአምስት ዓመት ስንት እንደምትከፍሉና ከዚያ ውስጥ ከዋናው ስንት እንደሚቀነስ ሁለት ቁጥር ተጽፎበታል። ወዳጄ ያን ሣጥን ያኔ አይቶት ቢሆን ኖሮ በሦስተኛው ዓመት ባልደነገጠ። ከመፈራረሙ ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን በፊት ደግሞ ክሎዚንግ ዲስክሎዠር የሚባለው አምስት ገጽ ይደርሳችኋል። በቀጥታ ወደ አምስተኛው ገጽ ሂዱ። «ቶታል ኦፍ ፔይመንትስ» ከሚለው አጠገብ ያለው ቁጥር እስከ መጨረሻ የምትከፍሉት ድምር ነው። ሪፋይናንስ ከሆነ ያንን ድምር አሁን ባላችሁ ብድር ከቀራችሁ ክፍያ ጋር አወዳድሩት፤ የቀራችሁን ወር ብዛት በወርሃዊ ክፍያችሁ ማባዛት ነው፣ ሌላ ሒሳብ የለውም። የምትኖሩበትን ቤት ከሌላ አበዳሪ ጋር ሪፋይናንስ አድርጋችሁ ከፈረማችሁ በኋላ እንኳ ለመሰረዝ ሦስት የሥራ ቀን አላችሁ።

አገር ቤት ሆናችሁ ለምትከታተሉንም አንድ ነገር ልበል፤ ስሌቱ ያው ነው፣ ወለዱ ግን ከፍ ይላል። ለምሳሌ አንድ ሚሊዮን ብር በ16 በመቶ ወለድ በ20 ዓመት የሚከፈል ቢሆን፣ ወርሃዊው 13,912 ብር ነው። በመጀመሪያው ወር ከዚህ ውስጥ 13,333ቱ ወለድ ነው፤ ዋናውን የምትቀንሰው 579 ብር ብቻ። መጨረሻ ላይ አንድ ሚሊዮኑ 3.3 ሚሊዮን ሆኗል። በዚያ ላይ ውሉ ባንኩ ወለዱን በመካከል እንዲቀይር ይፈቅድ እንደሆነ ፈልጋችሁ አንብቡ። እንዲህ ባለ ወለድ ላይ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የምትጨመር ብር የምትሠራው ሥራ ከእኛም አገር ይበልጣል። በውጭ ያለ ዘመድ «ምን ልላክልህ?» ሲላችሁ ይህን ንገሩት።

ወዳጄ በማግስቱ አልፈረመም። ለዚያ ብድር አገናኝ ደውሎ ወረቀቱን በጽሑፍ እንዲልክለት ጠየቀ፤ ሌሎች ሁለት ቦታዎችም ጠይቋል፤ አንዱ የማስፈጸሚያ ወጪውን በግማሽ ቀንሶለታል። ዕቁቡ ገና አልደረሳቸውም፤ መኪናዋም እስካሁን እያጓራች ትሄዳለች። ባልና ሚስቱ ገና እየተከራከሩ ነው። የሚደርሱበትን እነግራችኋለሁ። እስከዚያው ጥያቄ ያላችሁ በተለመደው አድራሻችን ጻፉልን፤ ሳምንት በዚሁ ሰዓት እስክንገናኝ ደህና ሰንብቱ።