ምንም ያልጎደለበት ድምፅ

የእንግሊዙ ፒንክ ፍሎይድ እ.ኤ.አ. በ1973 ያወጣው «ዘ ዳርክ ሳይድ ኦፍ ዘ ሙን» የተሰኘው አልበም አብዛኞቹ ክፍሎቹ ሳይቋረጡ አንዱ ወደ ሌላው ይሸጋገራሉ፤ በልብ ትርታ ተጀምሮም በልብ ትርታ ያበቃል። ይህን አልበም ከሲዲ ወደ ኤምፒስሪ ቀይረን በኮምፒውተር ስናደምጥ ግን በየመጋጠሚያው አጭር ዝምታ ገጠመን። ዝምታው ከየት መጣ?

ኤምፒስሪ ድምፅን የሚያስቀምጠው እያንዳንዳቸው 1,152 ናሙናዎችን በያዙ ክፍሎች ከፋፍሎ ነው። የዘፈኑ ርዝመት ለዚህ እኩል የማይካፈል ሲሆን የመጨረሻው ክፍል በዝምታ ይሞላል፤ በመነሻውም ላይ ጥቂት ይጨመራል። የተጨመረውን ለይተው የሚዘሉ ማጫወቻዎች ስላሉ ይህ ጉድለት የሚታረም ነው። የማይታረመው ሌላው ነው።

በሲዲ ላይ ድምፅ በሰከንድ 44,100 ጊዜ ይለካል፤ እያንዳንዱ ልኬት 16 ቢት ይይዛል። ለግራና ለቀኝ ድምፅ ሲሰላ በሰከንድ 1,411,200 ቢት ይሆናል። 43 ደቂቃ ያህል ለሚፈጀው አልበም 455 ሜጋባይት ገደማ ያስፈልጋል ማለት ነው። በሰከንድ 128 ኪሎቢት የሚይዝ ኤምፒስሪ ይህን ወደ 41 ሜጋባይት ያወርደዋል። ይህንንም የሚያደርገው ጎላ ባለ ድምፅ የሚሸፈነውን፣ ጆሮ ብዙም የማያስተውለውን መረጃ በመጣል ነው። የተጣለው ተመልሶ አይገኝም።

እ.ኤ.አ. በ2001 የወጣው ፍላክ ግን ምንም አይጥልም። ካለፉት ልኬቶች ተነሥቶ ቀጣዩን ይገምታል፤ ከዚያም በዋናነት የሚመዘግበው ግምቱ ከእውነተኛው የተለየበትን መጠን ነው። ልኬቶቹ 100፣ 110፣ 120 ቢሆኑ ቀጣዩ 130 ይሆናል ብለን እንገምት፤ እውነተኛው 132 ከሆነ የሚጻፈው 2 ብቻ ነው። ለትንሽ ቁጥር ጥቂት ቢት ይበቃል። በሚደመጥበት ጊዜ ያው ግምት ተደግሞ ልዩነቱ ሲደመርበት የሲዲው ቁጥር ሳይዛነፍ ይመለሳል። የፋይሉ መጠንም አብዛኛውን ጊዜ የመጀመሪያውን ግማሽ ወይም ከዚያ ጥቂት ከፍ ያለ ይሆናል።

ሆኖም ስሙ ብቻ ዋስትና አይሆንም። አንድ ጊዜ ፍላክ ተብሎ የተሰጠንን የዚሁ አልበም ቅጂ በስፔክትረም ማሳያ ስንመረምር ከ16 ኪሎኸርዝ በላይ ባዶ ሆኖ አገኘነው። ራሳችን ከሲዲው በገለበጥነው ላይ ግን በዚያው ስፍራ ድምፅ ነበረ። አንድ ሰው ኤምፒስሪውን ወደ ፍላክ ቀይሮት ኖሯል፤ ፋይሉ ተለቀ እንጂ የጠፋው አልተመለሰም።

እርግጥ ነው፣ ከፍተኛ ቢት ያለውን ኤምፒስሪ ከሲዲው በጆሮ መለየት ያስቸግራል፤ እኛም ተቸግረናል። ይሁን እንጂ አልበሞችን የሚያሰባስብ ሰው ነገ ወደ ሌላ ዓይነት ፋይል መቀየር ሊያስፈልገው ይችላል። ከኤምፒስሪ ቢነሣ በጉድለት ላይ ጉድለት ይጨምራል፤ ከፍላክ ቢነሣ ግን ከሲዲው እንደተነሣ ይቆጠራል።