የቪዲዮ ጨዋታ ፉክክርና ፍትሐዊው ሰዓት

እ.ኤ.አ. በ2000 በሲድኒ ኦሎምፒክ ኃይሌ ገብረሥላሴ በ10,000 ሜትር ፖል ቴርጋትን የቀደመው በ0.09 ሰከንድ ነበር። እንዲህ ያለውን ልዩነት በእጅ የሚያዝ ሰዓት በእርግጠኝነት አይለየውም።

የቪዲዮ ጨዋታን በአጭር ጊዜ ጨርሶ ክብረ ወሰን የመስበር ፉክክር፣ ማለትም ስፒድራን፣ ይኸው ችግር አለበት። ስለዚህ እንደ ላይቭስፕሊት ያለ ነጻ ፕሮግራም፣ ለጨዋታው ከተዘጋጀለት፣ የጨዋታውን ማኅደረ ትውስታ እያነበበ ሰዓቱን በራሱ ያስጀምራል፤ የየምዕራፉን ጊዜ መዝግቦ በፍጻሜው ያቆማል።

በአንዳንድ ጨዋታዎች አዲስ ክፍል እስኪከፈት የሚባክነውን ጊዜም ከቆጠራው ያወጣል። በሂንዳዊያ በአሮጌ ኮምፒውተር የሚጫወት ወጣት አዲስ ከገዛው ተፎካካሪው ወደኋላ የሚቀረው በችሎታ ማነስ ሳይሆን በዚህ ጥበቃ ሊሆን ይችላልና። ይሁንና መሣሪያው ይቆጥራል እንጂ አይፈርድም፤ ውጤቱን የሚያጸድቁት የቪዲዮ ማስረጃውን የሚመረምሩ ሰዎች ናቸው።