የርኅራኄ ቅጥር በሕንድ መንግሥት መሥሪያ ቤቶች

የርኅራኄ ቅጥር የሚባለው፣ አንድ የሕንድ መንግሥት ሠራተኛ በሥራ ላይ ሳለ ሲሞት ወይም በጤና ጉድለት ከ55 ዓመት ዕድሜው በፊት በጡረታ ሲሰናበት፣ መተዳደሪያ ካጣው ቤተሰቡ አንድ ሰው መደበኛውን የቅጥር ውድድር ሳያልፍ ሥራ የሚያገኝበት ሥርዓት ነው። ማመልከት የሚችሉት የሟቹ ባል ወይም ሚስት፣ ወንድ ወይም ሴት ልጅ፣ ሟቹ ያላገባ ከሆነም ወንድም ወይም እኅት ሲሆኑ፣ የሚያገኙት ሥራ ጸሐፊነትንና መሰል ዝቅተኛ መደቦችን በሚያቅፈው በምድብ «ሲ» የተወሰነ ነው።

ይህን ሥርዓት ክፉኛ የሚጎዳው፣ የመንግሥት ሥራ እንደ ርስት ከአባት ወደ ልጅ ይተላለፋል የሚለው ሥር የሰደደ እምነት ነው። አመልካቹ በዚህ እምነት ሥራውን እንደ ውርስ ይጠይቃል፤ ሌላው ሥራ ፈላጊ ደግሞ በዚያው እምነት ሥርዓቱን ለዘመድ የተከፈተ የጓሮ በር ነው ብሎ ያወግዘዋል። ሁለቱም ተሳስተዋል። የሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 16 በመንግሥት ሥራ ለዜጎች ሁሉ እኩል ዕድል የሚሰጥና በትውልድ ሐረግ ማዳላትን በግልጽ የሚከለክል ስለሆነ፣ ቅጥሩ ውርስ ቢሆን ኖሮ ሕጋዊ መሠረት ባላገኘ ነበር። የሀገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1994 የሃርያና ክልል ተከራካሪ በነበረበት ጉዳይ እንዳብራራው፣ ቅጥሩ ቤተሰቡ በድንገት ከወደቀበት ችግር እንዲወጣ ብቻ የተፈቀደ ልዩ ሁኔታ በመሆኑ፣ ሞት ብቻውን መብት አያስገኝም፤ መሥሪያ ቤቱ የቤተሰቡን አቅም መርምሮ ያለ ሥራው ችግሩን መቋቋም እንደማይችል ማረጋገጥ አለበት፤ የችግሩ ጊዜ ካለፈ ከብዙ ዓመታት በኋላ የሚቀርብ ጥያቄም ተቀባይነት የለውም። በዚህ መለኪያ፣ ትንሹ ልጅ ለአካለ መጠን እስኪደርስ ማመልከቻውን የሚያቆዩ ቤተሰቦች ጉዳያቸውን በገዛ እጃቸው ያበላሻሉ፤ ያን ሁሉ ዓመት ያለ ደመወዙ መኖራቸው ማስረጃ ይሆንባቸዋልና። ቤተሰቡ የጡረታና የድጎማ ክፍያ አግኝቷል በሚል ብቻ ማመልከቻ የሚጥሉ ሹማምንት ደግሞ የ1998ቱን የማዕከላዊ መንግሥት መመሪያ በግልጽ ይጥሳሉ።

ውርስ አለመሆኑን የተረዳ ሰው ፍጥነት የሥርዓቱ ነፍስ መሆኑንም ይረዳል። እ.ኤ.አ. በ1982 በድንበር መንገዶች መሥሪያ ቤት የዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛ የነበረ ባሏ የሞተባት አንዲት ሴት ለጸሐፊነት አመልክታ ፈተናውን ብታልፍም ሳትቀጠር ስትጉላላ ቆይታ፣ በ1985 ሴቶችን መቅጠር የሚያግድ ትእዛዝ ወጣና በዚያው ተመለሰች። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1989 ጉዳዩን ሲያይ፣ በጊዜው ተቀጥራ ቢሆን እገዳው እንደማይነካት ገልጾ እንድትቀጠር አዘዘ፤ እንዲህ ያለ ቅጥር ወዲያውኑ መፈጸም እንዳለበትና ተስማሚ ክፍት መደብ ከሌለም ተጨማሪ መደብ መፈጠር እንዳለበት አስረዳ።

ሆኖም በማዕከላዊ መንግሥት መመሪያ ለዚህ ቅጥር የሚውለው በቀጥታ ቅጥር ከሚሞሉ የምድብ «ሲ» ክፍት መደቦች ከ5 በመቶ የማይበልጠው ስለሆነ፣ ወረፋው ይረዝማል። እ.ኤ.አ. ከ2003 ጀምሮ አንድ ማመልከቻ ከሦስት ዓመት በላይ እንዳይታይ ተደንግጎ ነበር፤ በመሥሪያ ቤቱ መዘግየት ቤተሰቡን የሚቀጣ ይህ ገደብ በ2012 መነሣቱ ተገቢ ነበር። መመሪያው ከዚህ የተሻለም ነገር አለው፦ የሠራተኞችን ደኅንነት የሚከታተለው ሹም ሠራተኛው እንደሞተ ቤተሰቡን አግኝቶ እንዲመክርና እንዲረዳ፣ ሦስት ኃላፊዎች ያሉበት ኮሚቴም በየወሩ ተሰብስቦ ማመልከቻዎችን እንዲመረምር ያዛል።

ተቀጣሪው ሥራ ሲጀምር፣ በሟቹ ይተዳደሩ የነበሩትን ሌሎች የቤተሰብ አባላት በአግባቡ ሊረዳ በጽሑፍ ግዴታ ይገባል፤ እናቱን ወይም ታናናሾቹን ቸል ማለቱ ከተረጋገጠም ቅጥሩ ወዲያውኑ ሊቋረጥ ይችላል። ልጇ ሥራ ከያዘ በኋላ የተረሳች እናት ይህ ሰነድ በመዝገቡ ውስጥ እንዳለ ማወቅና ለመሥሪያ ቤቱ ማመልከት ይገባታል።