ተጨማሪ መረጃ፦ አውሬው የመጣው መጨረሻ ላይ ነው

እንግሊዛዊው ጋሬዝ ኤድዋርድስ ዛሬ በዳይሬክተርነቱ ይታወቅ እንጂ እንጀራውን የጀመረው ለቴሌቪዥን ፕሮግራሞች ቪዥዋል ኢፌክት በመሥራት ነበር። እ.ኤ.አ. በ2010 የወጣውን «ሞንስተርስ» (አውሬዎች) የተባለ ፊልሙን ሲሠራ ታሪኩን ጻፈ፣ ካሜራውንም ራሱ ያዘ። ተዋናዮቹ አብዛኛውን ንግግር እዚያው እየፈጠሩ ስለተናገሩ የተቀረጸው ከ100 ሰዓት በላይ ሆነ! ይህን ሁሉ የተረከበው ኤዲተሩ ኮሊን ጉዲ ነው። የመጀመሪያው ቅንብር ከ4 ሰዓት በላይ ይፈጅ ነበር፤ ተቆርጦ ተቆርጦ ወደ 94 ደቂቃ ወረደ። ኤድዋርድስ 250 ያህል የኢፌክት ሾቶችን በኮምፒውተሩ የሠራው ከዚያ በኋላ ነው። ቅደም ተከተሉን ልብ በሉ፤ የሚጣል ሾት ላይ ወራት ማቃጠል ኪሳራ ነው።

ሁለቱ «ሮግ ዋን» በተባለው ፊልም (እ.ኤ.አ. 2016) ላይም አብረው ሠርተዋል። ጉዲ ቀረጻው ሳይጀመር ከሌሎች ፊልሞች ትዕይንቶችን ቀጣጥሎ የታሪኩን ፍጥነት የሚያሳይ ረጅም ናሙና አዘጋጀ። የካሜራ ሥራ ሳይኖር ኤዲቲንግ ተጀመረ ማለት ነው።

የብዙዎቹ የኢፌክት ባለሙያዎችና ኤዲተሮች ጅማሬ ግን እንዲህ አያጓጓም። የኢፌክት ጀማሪ ተዋናዩን የያዘውን ገመድ ከምስሉ ላይ ፍሬም በፍሬም ያጠፋል፣ የሰውን ቅርጽ ጠርዝ እየተከተለ ከበስተጀርባው ይለያል። ረዳት ኤዲተር ደግሞ ድምፅን ከምስል ያገጣጥማል፣ ፋይል ይሰይማል፣ ቅጂ ያስቀምጣል። አሰልቺ ነው፤ ሆኖም ዋናው ኤዲተር የትኛውን ቀረጻ ለምን እንደጣለ በቅርብ የሚያየው እሱ ነው።