አድሮ ስለሚሞቅ ሩዝ

«ልጄ፣ በደንብ ካሞቅነው ምን ይሆናል?» አሉኝ፣ ዛሬ ጧት በአንድ የድግስ አዳራሽ ወጥ ቤት ለቍጥጥር በገባሁ ጊዜ ያገኘኋቸው እናት፤ እርሳቸው እጃቸው ንጹሕ፣ ሙያቸውም የተመሰገነ ስለሆነ ቍጣዬ በእርሳቸው ላይ ሳይሆን፣ ይህንኑ ስሕተት እንደ ጤና ምክር አድርገው በየቴሌግራሙ በሚያሠራጩት ሰዎች ላይ ነው።

ከትናንትናው ሠርግ የተረፈው ሩዝ በትልቅ ብረት ድስት እንደ ተከደነ፣ በላዩም ፎጣ ተደርቦበት፣ ሲሚንቶው ላይ አድሮ ነበር። የሙቀት መለኪያዬን እስከ መካከሉ ብሰድደው 36 ዲግሪ አነበብኩ፤ ይኸውም ከሰው ገላ ሙቀት ጋር የሚተካከል፣ ለረቂቅ ተህዋስያን እጅግ የተመቸ ነው። ሩዙ ግን ነጭ፣ ፍሬው ያልተጣበቀ፣ ሽታውም መልካም ነበር።

ለእናት ጥያቄ መልሴ ሦስት ነው። 1ኛ፤ ባሲለስ ሴረስ የተባለው ባክቴርያ በአፈር ውስጥ ስለሚኖር ከማሳው ጀምሮ ሩዙን ተከትሎ ይመጣል፤ ስፖር በሚባል፣ ጽኑ ቅርፊት ባለው መልኩም፣ ድርቅን ችሎ እንደሚቆይ ዘር፣ የድስቱን ፍላት አልፎ ይወጣል። ይልቁንም በአዲስ አበባ ከፍታ ውኃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ነውና «ፈልቷል» ማለት ዋስትና አይሆንም።

2ኛ፤ ሩዙ ተከድኖ ቀስ በቀስ ሲበርድ ስፖሩ ይነቃል፣ ይራባል፣ ሴሩላይድ የተባለውንም መርዝ ያመነጫል፤ ይህም መርዝ በ121 ዲግሪ ለ90 ደቂቃ ቢግል እንኳ ኃይሉ የማይለቀው ስለሆነ፣ ዳግመኛ ማሞቅ ባክቴርያውን ይገድል ይሆናል እንጂ መርዙን ከቶ አያጠፋውም። የበላውን ሰው ከግማሽ ሰዓት እስከ 6 ሰዓት ባለው ጊዜ ያስመልሰዋል። ብዙው ሰው በአንድ ቀን ይሻለዋል፤ ዳሩ ግን በ2008 እ.ኤ.አ. በብራስልስ አንድ ወጣት ተማሪ፣ 5 ቀን ከፍሪጅ ውጭ የቆየ ፓስታ አሙቆ በልቶ በማግስቱ ሞቶ ተገኝቷል።

3ኛ፤ ስለ ፍሪጅ። እዚህ ላይ ትዕግሥቴ ያልቃል። «ትኩስ ምግብ ፍሪጅ ያበላሻል» የተባለውን ቃል ሰው ሁሉ እንደ ሕግ ተቀብሎ፣ ሩዙ ፈጽሞ እስኪበርድ ሲጠብቅ እንቅልፍ ይወስደዋል፤ ሌሊቱም ባክቴርያው የሚሠለጥንበት ጊዜ ይሆናል። ድስቱን ከነሙላቱ ፍሪጅ ውስጥ መክተትም መልስ አይደለም፤ ውስጡ ለብዙ ሰዓት ሳይቀዘቅዝ ይቈያልና። ሩዙን በሰፊ ትሪ ላይ ስስ አድርጋችሁ ዘርጉት፣ እንፋሎቱ ሲያልፍለት በትናንሽ ዕቃ ከፋፍላችሁ በአንድ ሰዓት ውስጥ ከ5 ዲግሪ በታች ወዳለ ፍሪጅ አስገቡት። በማግስቱ ከመካከሉ እንፋሎት እስኪወጣ አንድ ጊዜ ብቻ አሙቁና ብሉት። መብራት ከ4 ሰዓት በላይ ጠፍቶ ከነበረ ድፉት። ሽታውን አምናችሁ አትፍረዱ።

ይህን ሁሉ ስናገር ግን የሚያሳዝነኝ፣ የምሠራበት መሥሪያ ቤት የሰጠኝ የቍጥጥር ቅጽ የወጥ ቤት ሠራተኞችን ጋዋን፣ የጠጕር መሸፈኛ፣ የጤና ምርመራ ወረቀትና የግድግዳውን ሸክላ ሲጠይቅ፣ በድስቱ ውስጥ ያለው ምግብ ስንት ዲግሪ እንደሆነ፣ ከወረደም ስንት ሰዓት እንደሆነው የሚጠይቅ አንድ መስመር እንኳ የሌለው መሆኑ ነው። መለኪያውን የገዛሁት በራሴ ገንዘብ ነው፤ በጽሑፍ ባመለክትም የተሰጠኝ መልስ በጀት የለም የሚል ነበር። ስለዚህ ያ አዳራሽ በቅጹ መሠረት ዛሬ ሙሉ ነጥብ ያገኛል።

ከሁሉም ይልቅ ያስደነገጠኝ ሩዙ የተቀመጠበት ምክንያት ነው፤ ረፋድ ላይ ተሙቆ በቤተ ክርስቲያን ደጅ ላሉ ነዳያን ሊታደል ነበርና። አሳቡ የጽድቅ ነው፤ ነገር ግን በረኃብ የተዳከመ ሰውነት፣ አረጋዊና ሕፃን፣ ይህን መርዝ እንደ እኛ አይችለውም፤ ቢታመሙም መዝግቦ ከየት እንደመጣ የሚጠይቅላቸው የለም። አዳራሽ ያላችሁ፣ ሠርግ የምትደግሱ ወገኖቼ፣ የተረፈውን ለነዳያን የምትሰጡ ከሆነ በዚያው ምሽት፣ ገና ትኩስ ሳለ ላኩላቸው፤ ለዚህም አንድ መኪናና አንድ ሰው አስቀድማችሁ መድቡ።